አባባ የሰከረችውን ዶሮ የሠራ ዕለት

ይድረስ ናፍቆቱ ለማይወጣልኝ ለወንድም ጋሼ፤

እንደምን ሰንብተሃል? ጤናህ እንዴት ነው? ያ ባለፈው የነገርከኝ የክንድህ ቃጠሎ ደረቀልህ ወይስ አሁንም በጨርቅ ጠቅልለህ ነው ምድጃ ፊት የምትቆመው? አለቃችሁስ ዛሬም ድስት ይወረውራል? እኔ ደህና ነኝ። ቀኑን ሙሉ ጥርስ ሐኪሙ አጠገብ ቆሜ የሰው አፍ ውስጥ መብራት ሳበራ እውላለሁ፤ ዓይኔን ስጨፍን የሚታየኝ ሁሉ መንጋጋ ሆኗል። እማዬም አባባም አሉ። ይህን በስልክ ልነግርህ አንስቼ መልሼ አስቀመጥኩት። ስልክ ላይ ማልቀሴ አይቀርም፤ ሳለቅስ ደግሞ አንተ ክፉ ነገር የደረሰ ይመስልሃል። ስለዚህ መጻፉ ይሻላል አልኩ። ቢረዝምብህ አትሰልች፣ ቁጭ ብለህ አንብበው።

መጀመሪያ ግን አትደንግጥ፦ እማዬ ወድቃ ነበር። መጋረጃ ልታወርድ ወንበር ላይ ወጥታ ስትንጠራራ ወንበሩ ከዳትና በሁለት እጇ መሬት መታች። ሁለቱም የእጅ አንጓዎቿ ተሰብረው፣ ከክርኗ በታች ጣቶቿ ብቻ ሲቀሩ በጄሶ ታሸጉ። ሐኪሙ «ይድናል፣ አጥንቱ ቦታውን አልለቀቀም» ብሎናል። ወንበሩን የሠራው አባባ ነው። ከሆስፒታል ስንመለስ እማዬ በር ላይ ቆማ ምን አለችኝ መሰለህ? «ለአባትሽ ንገሪው፣ የሠራው ወንበር አንድ እግሩ አጥሯል።» አባባ እኮ አጠገቧ ቆሞ ቦርሳዋን ይዞላታል!

አዎ፣ እስካሁን እንደተኳረፉ ነበሩ። አንተ ሻንጣህን ይዘህ ከወጣህ በኋላ አባባ «ወንድ ልጄ የአናጢነት ሙያዬን ጥሎ ወጥ ቤት ከሆነ እኔ ልጅ የለኝም» ሲል፣ እሷም «እንግዲያው እኔም ባል የለኝም» ብላ አፏን ዘጋች። ኩርፊያ ነው፣ ይበርዳል ብዬ ነበር። አልበረደም። የቤቱ ልማድ ሆኖ ቀረ። «ለአባትሽ ንገሪው፣ ቧንቧው ያንጠባጥባል» ትለኛለች፣ እሱ ፊት ለፊቷ ተቀምጦ። «እናትሽን ጠይቂያት፣ ሸሚዜን የት አደረገችው?» ይለኛል፣ እሷ ያንኑ ሸሚዝ እያጣጠፈች። እኔ ሥራ ከሄድኩ ቤቱ አንድ ቃል ሳይወጣው ይውላል። ይህን ሁሉ እንዳይከፋህ ብዬ ሸራርፌ ነበር የምጽፍልህ።

እንግዲህ እማዬ እጆቿ ሲታሰሩ ማብሰሉ እኔ ላይ ወደቀ። የኔን ሙያ ታውቀዋለህ፤ ውሃ ሳፈላ እንኳ የሚያርብኝ ሰው ነኝ። ሾርባ ሠርቼ አቀርባለሁ፣ አንድ ሁለት ማንኪያ ትቀምስና «በቃኝ፣ ጠገብኩ» ብላ ፊቷን ታዞራለች። ጉንጮቿ ገቡ። ቀሚሷ ትከሻዋ ላይ ይዞር ጀመር። ሐኪሙም «ካልበላች አጥንቱ በምን ይጠገናል?» ብሎ ተቆጣኝ። አንድ ቀን ጨንቆኝ «ኧረ እማዬ፣ ምን አምሮሽ ነው? ብቻ ንገሪኝ» አልኳት። ግድግዳውን እያየች «ያቺ የሰከረችው ዶሮ» አለችኝ።

ያንተ ዶሮ፣ ወንድም ጋሼ። ያቺ እሁድ እሁድ በቀይ ወይን የምትሠራት የጣልያን ዶሮ። ስሙን ነግረኸን እንኳ ማስታወስ ሲያቅተን እማዬ «የሰከረችው ዶሮ» ያለቻት።

«እማዬ፣ እኔ አላውቅበትም እኮ» አልኳት። «አውቃለሁ» አለችና ዓይኗን ጨፈነች። አባባ ጥጉ ላይ ተቀምጦ ነበር። ተነስቶ ወደ ሥራ ቤቱ ሄደና መላጊያው ሲጮህ ዋለ።

ያኔ አንተ ስታበስል አባባ ምን ያደርግ እንደነበር ታስታውሳለህ? ወንበሩን ጎትቶ ኩሽናው በር ላይ ይቀመጥና ጋዜጣውን እስከ ግንባሩ ድረስ ይዘረጋል። ምግቡ ሲቀርብ «ሽታው ራሴን አመመኝ» ብሎ ዳቦ ይዞ ይወጣል። አንድ ቀን፣ አንዲት ቀን ቀምሶልህ አያውቅም። አንተም ጀርባህን ሰጥተኸው ትሠራ ነበር። እኔ ደግሞ «ይህ ሰውዬ ለምን ሳሎን ተቀምጦ አያነብም? ልጁን ለማናደድ ነው እንጂ» እል ነበር።

እሁድ ረፋድ ላይ ጓሮ ልብስ አስጥቼ ስገባ ኩሽና ውስጥ የቢላ ድምፅ ሰማሁ። እማዬ በጄሶዋ የሆነ ነገር ልትሞክር ነው ብዬ ሮጥኩ። አባባ ነው። የሥራ ቤቱን ሽርጥ ለብሷል፣ ያንን የሙጫ ነጠብጣብ ያለበትን፤ እርሳሱም ጆሮው ላይ አለ። ጠረጴዛው ላይ ዶሮ፣ ሽንኩርት፣ ካሮት፣ ቲማቲም፣ አንድ እስር የጥብስ ቅጠል፣ አንድ ጠርሙስ ቀይ ወይን። ካሮቱን ሲቆርጥ እያንዳንዷ ቁራጭ በማስመሪያ የተለካች ነው የምትመስለው። ልስቅ ነበር። «አባባ፣ ለዶሮዋ ደግሞ መጋዝ ላምጣልህ?» ልለው አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ፊቱን ሳየው ተውኩት። ሰው ልጅ ታቅፎ እንደዚያ አይጠነቀቅም።

ዶሮዋን ብልት በብልት በንጹሕ ጨርቅ አደረቃት። የወይራ ዘይቱ ሲግል ቆዳዋን ወደ ታች አድርጎ ደረደረ፣ ከዚያ እጁን አጣምሮ ቆመ። ድስቱ ላይ ልትጣበቅብን ነው ብዬ ሹካ ስሰነዝር እጄን መለሰው። «ተዪያት! ስትደርስ ራሷ ትለቃለች።»

ወንድም ጋሼ፣ ይህ ያንተ ቃል ነው። ሹካ ባነሳሁ ቁጥር ትለኝ የነበረው፣ ድምፁ ሳይቀር።

ከዚያ በኋላ ምን እንዳየሁ እንዴት ብዬ ልጻፍልህ? ዶሮዋን አውጥቶ ሽንኩርትና ካሮቱን እዚያው ዘይት ላይ አለሰለሰ። ጠርሙሱን ከፈተና ቡሹን ወደ አፍንጫው አስጠጋ፤ ሲያሸትም ግራ ዓይኑን ጨፈነ። አንተ ግራ ዓይንህን እንደምትጨፍን ታውቅ ነበር? እኔ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ አላስተዋልኩትም። ወይኑን ሲያፈስ ድስቱ ጮኸ፣ እንፋሎቱ መነጽሩን አለበሰው። መነጽሩን አውልቆ ጎንበስ አለና አሸተተ። «ገና ነው፣ አፍንጫ ይቆነጥጣል» አለ ለራሱ። ጠበቀ። እንደገና አሸተተ፣ ራሱን ነቀነቀና ቲማቲሙን በመዳፉ እየጨመቀ ጨመረ፣ ዶሮዋንም መልሶ ከተተ። ማማሰያውን አንስቶ የድስቱን ጠርዝ ሁለቴ መታ፣ ቋ፣ ቋ። ከዚያ የጨርቁን ጫፍ አርጥቦ ጠርዙን ዙሪያውን ጠረገ።

በዚያች ማማሰያ ሁለቴ ሲመታ ዓይኔ አባባን ያያል፣ የማየው ግን አንተን ነው። የአናጢ ሸካራ ጣቶቹ፣ ጥፍሩ ሥር የገባው ቀለም፣ ሁሉ የሱ ነው። አያያዙ ግን ያንተ ነው፣ አንዱም ሳይጎድል።

«አባባ፣ ይህን ማን አስተማረህ?» አልኩት።

«ማን ያስተምረኛል? ዓይን የለኝም እንዴ?» አለኝ፣ ሳያየኝ።

ያ ጋዜጣ፣ ወንድም ጋሼ! እነዚያ ሁሉ እሁዶች! ገጹን ሲገልጥ ትዝ ይልሃል? እኔ አንድም ጊዜ ትዝ አይለኝም።

ሽታው መኝታ ቤት ደረሰና እማዬ መጣች። የኔ እጅ እንዳልሆነ አፍንጫዋ ነግሯት ሳይሆን አይቀርም፣ ስሊፐሯን እንኳ አላደረገችም። በር ላይ ስትደርስ ቀጥ አለች። ሁለቱን ነጫጭ ክንዶቿን ደረቷ ላይ እንደያዘች እሱን፣ ድስቱን፣ ሽርጡን አየች። እሱም አያት፣ ከዚያ እንደተያዘ ሌባ ዓይኑን ወደ ድስቱ መለሰ። እማዬም «ለአባትሽ ንገሪው፣ እሳቱ በዝቷል» አለች። እኔ አፌን ሳልከፍት እሳቱ ቀነሰ። ወንበር አቀረብኩላትና በሩ ላይ ተቀመጠች፤ ዶሮዋ እስክትበስል ድረስ ከዚያ ንቅንቅ አላለችም። የእጆቹን እንቅስቃሴ አንድ በአንድ ትከተል ነበር። እሷም አውቃዋለች፣ የማን እጅ እንደሆነ።

ሲቀርብ እንደ ወትሮው ላጎርሳት ማንኪያውን አነሳሁ። አባባ መጥቶ ዝም ብሎ ከእጄ ወሰደው። ሥጋውን ከአጥንቱ ለየ፣ መረቁ ውስጥ ነከረ፣ መዳፉን ከማንኪያው ሥር አድርጎ ወደ አፏ አቀረበ። ፊቷን ታዞራለች ብዬ ነበር። አላዞረችም። ዓይኑን እያየች አፏን ከፈተች።

አላመጠች። እንባዋ ጉንጯ ላይ ወረደ፤ መጥረጊያ እጅ የላትም፣ እሱ በሽርጡ ጠረገላት።

«ያቃጥላል» አለች።

ለእኔ አይደለም። «ለአባትሽ ንገሪው» አላለችም። ለሱ ነው ያለችው። «እፍ በልበት እንጂ!»

«እሺ» አላት።

በቃ፣ ይኸው ነው። ሰው ቢሰማው «ይህ ምን አለው?» ይላል። እኔ ግን የቤታችን ግድግዳ ሲተነፍስ የሰማሁ መሰለኝ። ሰሃኑን ጨርሳ ጨምርልኝ አለች። እሱም እፍ እያለ አበላት፣ እሷም «ትንሽ ትንሽ አድርገው፣ እኔ ጉድጓድ ነኝ?» እያለች ትቆጣዋለች፤ እሱ ሲሰደብ ፊቱ እየበራ ይሄዳል። እኔ ዳቦ ልቆርጥ ነው ብዬ ኩሽና ገብቼ አለቀስኩ።

ስመለስ አባባ ራሱ ሊበላ ተቀምጧል። ለመጀመሪያ ጊዜ። አንድ ጎረሰ፣ ማኘኩን አቆመ፣ መስኮቱን አየ። ከዚያ እስከ መጨረሻው አንገቱን ሳያቀና በላ፣ ሰሃኑን በዳቦ ጠረገው። ሲጨርስ እጁን ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ «ለወንድምሽ» አለና ንግግሩን አቋረጠ። ይህን ቃል ከአፉ ከሰማሁ ስንት ጊዜዬ! ከዚያ ቀጠለ። «ለወንድምሽ ስትጽፊለት ጠይቂልኝ። መረቁ ለምን ቀጠነብኝ?»

«ራስህ አትጽፍለትም?» አለችው እማዬ። «በጄሶ የታሰረው የኔ እጅ ነው!»

አባባ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። «የኔ ጽሑፍ አይነበብም» አለ፣ አሁንም እጁን እያየ።

ስለዚህ ይኸው ጠየቅሁለት። የሚያምነውን ባለሙያ እንደሚጠይቅ ሰው ነው የጠየቀው፣ እኔን ስማኝ፤ አባባ ስለ ሙያ ሰው ጠይቆ እንደማያውቅ አንተም ታውቃለህ። መልሱን ለኔ እንዳትልከው፣ ለሱ ጻፍለት። ከቻልክ ደግሞ መጥተህ አሳየው።

ፈጣሪ እጅህን ከእሳት ይጠብቅልህ፣ በሄድክበት ሰው አያሳጣህ፣ ደጃችንን ለመርገጥ ያብቃህ። እማዬ «ዓይኑን ሳሚልኝ» ብላለች፣ ወረቀቱን ስሜልሃለሁ።

መረቁ ግን አልቀጠነም ነበር፣ ወንድም ጋሼ። ማንኪያ ላይ ተኝቶ የሚቆይ፣ እንዳንተው ነበር።

ሁልጊዜ የምትናፍቅህ
ታናሽ እህትህ