ይሰሙ ነበር፦ የአቶ ክንዱ ወልደ ገብርኤል የሕይወት ታሪክ

አቶ ክንዱ ወልደ ገብርኤል ከአባታቸው ከአቶ ወልደ ገብርኤል ደስታ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ወለተ ሥላሴ አየነው በሊቦ ከምከም፣ በይፋግ ከተማ በ1949 ዓ.ም. ተወለዱ። ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ ከየኔታ ዘንድ ፊደል ቆጥረው ዳዊት ደገሙ፤ ዘመናዊ ትምህርታቸውንም በይፋግና በባሕር ዳር ተከታተሉ። በ1969 ዓ.ም. ባሕር ዳር በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ በሽመና ክፍል ተቀጥረው እስከ ጡረታቸው ድረስ በትጋት አገልግለዋል። ከማሽን ጩኸት በላይ መናገር የለመደ ድምፃቸው ቤት ሲገቡም አይቀንስም ነበርና፣ እሳቸው በሹክሹክታ የነገሩትን ምስጢር ጎረቤት ሁሉ ያውቀው ነበር።

በ1976 ዓ.ም. ከወይዘሮ እናትዓለም ጋር ጋብቻ መሥርተው ፀሐይወርቅን፣ አማኑኤልንና ወንጌላዊትን ወልደዋል። ጡረታ ሲወጡም ከባሕር ዳር ወጣ ብላ ባለችው ዘንዘልማ ቤት ሠርተው ኖረዋል።

ብዙዎቻችሁ የምታውቋቸው ግን በሽምግልናቸው ነው። ዛሬ እዚህ ከቆማችሁት መካከል ሚስቱን በእሳቸው አማላጅነት ያገኘ ብዙ ነው። ልጅ ለመጠየቅ ሲሄዱ አንድ ጥብቅ ደንብ ነበራቸው፤ ከአጎት፣ ከወንድም፣ ከጎረቤት መልስ አይቀበሉም። «ከአባቷ አፍ ካልሰማሁ ከዚህ ደጃፍ አልነቃነቅም» ይሉ ነበር፤ አይነቃነቁምም። አብረዋቸው የሚዞሩትንም ይህንኑ አስተምረዋል።

ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀችው ታላቋ ልጃቸው ፀሐይወርቅ ከዚህ በኋላ ያለውን ለስለስ አድርጋ እንድታልፈው ተመክራ ነበር። ምክሩን አልተቀበለችም።

በጥቅምት ወር 2014 ዓ.ም. አቶ ክንዱ ማለዳ ጫማቸውን ሲያስሩ በቀኝ ጎናቸው ወደቁ። ሐኪሞች ስትሮክ መሆኑን ተናገሩ። እጅና እግራቸው ቀስ በቀስ ቢመለስም ንግግራቸው አልተመለሰም። ምንም ሊሉ ቢፈልጉ ከአፋቸው የሚወጣው «ሰኞ» የሚል ቃል ብቻ ሆነ። ውኃ ሲጠማቸው ሰኞ፣ ሲያማቸው ሰኞ፣ ባለቤታቸውን ሲጠሩም ሰኞ። ቃሉ ያልፈለጉት መሆኑን አሳምረው ያውቁ ነበር፤ እንደወጣ አፋቸውን በእጃቸው ይከድኑታል።

የንስሐ አባታቸው ሊጠይቋቸው መጥተው አቡነ ዘበሰማያት ሲጀምሩ ግን አቶ ክንዱ አንዲት ቃል ሳይስቱ እስከ መጨረሻው አብረው ደገሙ። ቤተሰቡ በደስታ አለቀሰ። መከራቸውን ያባሰው ግን ይኸው ነው። ለጸሎት የተፈታ አንደበት ለሰላምታ እንዴት ይታሰራል ተባለ። ግማሹ ኩርፊያ ነው አለ፣ ግማሹ ክፉ መንፈስ ይዟቸዋል አለ። በልጅነት በቃል የተያዘ ጸሎት ከአዲስ ንግግር በሌላ መንገድ እንደሚወጣ፣ የሚነገራቸውም እንደሚገባቸው ሐኪሙ አስረድቶ ነበር። ማን ሰማው?

ጠያቂ ሁሉ መጀመሪያ ጆሯቸው የደነቆረ ይመስል ይጮኽባቸው ነበር። ቀጥሎ እንደ ሕፃን ያባብላቸው ጀመር። ቃል ፈልገው ሲያምጡ ከአፋቸው እየነጠቀ፣ ያውም ያላሰቡትን፣ ይጨርስላቸው ነበር። ኋላ ደግሞ እፊታቸው ተቀምጦ ስለ እሳቸው ያወራ ጀመር። «አሁን ይኼ ከመኖር ይቆጠራል?» ያለው ሰው ዛሬ ነጠላውን አዘቅዝቆ እዚህ ቆሟል። አቶ ክንዱ ሰምተውታል። በዚያው ዕለት ፊታቸውን ወደ ግድግዳ አዞሩ።

ከዚያ በኋላ እህል እምቢ አሉ፤ ያለቅሱ ጀመር፤ ኩባያ ወረወሩ። ጠባያቸው ተበላሸ ተባለ። በቁሙ እንደ ሞተ የተቆጠረ ሰው ጠባዩ ምን ይሁን? ሐኪሙ ይህም ራሱን የቻለ ሕመም መሆኑን ነግሮ መድኃኒት አዘዘላቸው፤ ጥቂት አቀለላቸው። ደጃፉን የሚረግጥ ሰው ግን ጠፋ፤ ለዚያ የሚታዘዝ መድኃኒት የለም።

በ2016 ዓ.ም. መግቢያ ወንጌላዊትን ለትዳር የሚጠይቁ ሽማግሎች መጡ። አቶ ክንዱ ራሳቸው ሽምግልና ያስተማሯቸው ሰዎች ነበሩ። በዚያ ቀን ጋቢያቸውን ለብሰው፣ ጢማቸውን ተላጭተው ጠበቋቸው። ሽማግሎቹ ግን ከደጅ ገብተው እጅ ከነሡ በኋላ ጥያቄውን ለአቶ ክንዱ ታናሽ ወንድም ለአቶ አምሐ አቀረቡ። አቶ አምሐም «ጋሼ አሁን አይገባቸውም፤ እኔው ፈቅጃለሁ» አሉ። አቶ ክንዱ ተነሥተው ወለሉን በከዘራቸው እየመቱ «ሰኞ! ሰኞ!» አሉ። አንዱ ሽማግሌ ሳቁን በነጠላው ሸፈነ። ከጓዳ ስትሰማ የነበረችው ወንጌላዊት ግን ወጥታ «እኔም ከአባቴ ያልሰማሁትን መልስ አልቀበልም» አለች። ሽማግሎቹ አንገታቸውን ደፍተው ወጡ።

ወር ሳይሞላ ተመለሱ። በዚህ ጊዜ ወንበራቸውን ከአቶ ክንዱ ፊት አድርገው ጠየቁና ዝም ብለው ጠበቁ። አቶ ክንዱ ሰኞ አሉ። አፋቸውን ከደኑ። ላባቸው ወረደ፣ እንባቸው መጣ፤ ያም ሆኖ ማንም ቃል አልነጠቃቸውም። ረጅም ጊዜ ከቆዩ በኋላ ከዘራቸውን ተደግፈው ተነሡ፣ እጃቸውን በልጃቸው ራስ ላይ ጫኑና አቡነ ዘበሰማያት ብለው እስከ አሜን ደገሙ። በሽምግልና ጸሎቱ የሚደገመው ነገሩ ሲያልቅ መሆኑን እነዚያ ሰዎች ከእሳቸው ተምረዋል። ተነሥተው ጉልበታቸውን ሳሙ። አቶ ክንዱ ያን ቀን ጥግብ ብለው በሉ።

ሁለተኛ ስትሮክ አጋጥሟቸው በሕክምና ሲረዱ ቆይተው፣ ታኅሣሥ 11 ቀን 2018 ዓ.ም. በተወለዱ በ69 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም አርፈዋል። ባለቤታቸውን፣ ሦስት ልጆቻቸውን፣ ወንድማቸውንና የወንጌላዊትን ልጅ ኢትዮጵያን ትተዋል። ኢትዮጵያ አፍ ስትፈታ ከአያቷ ሰኞ ማለትን ተምራለች፤ እሳቸው ሰኞ ሲሉም እሷ ምን እንደፈለጉ አታጣውም ነበር።

ይህ ተነብቦ ሲያበቃ አቡነ ዘበሰማያት ትደግማላችሁ። እሳቸው ይሏት እንደነበረው፣ ቀስ ብላችሁ በሏት። ማንም ቀድሞ አይጨርስባቸው።

ሳይቸኩል የሚሰማ አምላክ ነፍሳቸውን ይቀበል።