መጨረሻው ያልታየው ቴአትርህ

ውዴ ማዳቭ፣

ከተለየኸኝ ሦስተኛው ክረምት ገባ። ሴቻ ያለው ቤታችን እንዳለ ነው። በረንዳ ላይ የምትጽፍበት ወንበር አንድ እግሩ ተሰብሮ በድንጋይ ደግፌዋለሁ። በአገርህ ቋንቋ በማራቲ የጻፍካቸውን ቴአትሮች ምስጥ እንዳይበላቸው ፀሐይ ላይ አሰጣቸዋለሁ እንጂ አንድ መስመር የሚያነብልኝ ሰው የለም። በአገርህ አዳራሽ ሙሉ ሰው የሚያይልህ ጸሐፊ፣ እዚህ የሒሳብ አስተማሪው ህንድ ተብለህ ቀረህ።

አንዷን ግን አብረን ወደ አማርኛ መልሰናት ነበር። አንተ በተሰባበረ አማርኛህ ባለታሪኳን እናት «እሱ» እያልክ ትነግረኛለህ፣ እኔ እየሳቅሁ እጽፋለሁ። ልጇ ጦር ሜዳ የሄደባት እናት ናት። በአንተ አገር የፋብሪካ ሠራተኛ ነበረች፤ እኔ እንደ እናቴ የጨንቻ ጥጥ ፈታይ አደረግኋት።

በቀበሌው አዳራሽ ሲታይ እናትየውን የሠራሁት እኔ ነኝ። የልጄን መርዶ ሰምቼ ስጮህ፣ ከጨንቻና ከገረሴ የወረዱት ሴቶች ተነሥተው መድረኩ ላይ ወጡና አብረውኝ አለቀሱ። እኛ ዘንድ እናት ስታለቅስ ቁጭ ብሎ ማየት ነውር ነው። ቴአትሩ እዚያው ተቋረጠ። መጀመሪያ ተናደድክ፤ ቤት ስንገባ ግን «በአገሬ ያጨበጭቡልኝ ነበር፣ እዚህ አለቀሱልኝ» ብለህ ሳቅክ። የመጨረሻው ትዕይንት ሳይታይ መቅረቱ ግን እስክትሞት ቆጭቶሃል።

አሁን የምነግርህን እንዴት አድርጌ ልጻፈው? ልጃችን አኒል ለብሔራዊ ውትድርና ተወሰደ። ወደ ሰሜን ሄደ ተባለ፣ ከዚያ ድምፁ ጠፋ። ባለፈው ሳምንት የቀበሌው ሹሞች ወላጆችን እዚያው አዳራሽ ሰብስበው የሞቱትን ስም አነበቡ። የእሱም ተነበበ። ለጀግና አይለቀስም፣ አጨብጭቡ አሉን። ተጨበጨበ። ለውሸቱ ሞት ያለቀሱት ሴቶች፣ ለእውነተኛው እያጨበጨቡ ዓይናቸውን ከእኔ አሸሹ። አልፈርድባቸውም፤ የእነሱም ልጆች እዚያው ናቸው።

ድንኳን መትከልም ተከለከልኩ። እንባዬን ውጬ ተቀመጥኩ። ከዚያ ጎረቤታችን ማሞቴ መጣች፤ ያኔ ቀድማ መድረክ ላይ የወጣችው። ደጃፉ ላይ ቆማ፣

«የማዳቭን ቴአትር እንሥራው። ከጠየቁን ልምምድ ነው እንላለን» አለችኝ።

ሴቶቹ አንድ በአንድ ገቡ። መርዶውን ማሞቴ ነገረችኝ፣ እኔም እንደተጻፈው ጮኽኩ። ድምፃችን እስኪዘጋ አለቀስን። የቀበሌው ጥበቃ በመስኮት ብቅ ሲል ልምምድ ነው አሉት፤ ሄደ።

ቀለል ይለኛል ብዬ ነበር። አልቀለለኝም። እግዚአብሔርንም ለምን ብዬ ጠይቄ ደክሞኛል። ቢሆንም እስካለሁ አንተንም አኒልንም አልረሳም፤ ወረቀቱን ምስጥ ቢበላው እንኳ ቴአትርህን በቃሌ ይዤዋለሁ። የመጨረሻውን ትዕይንት ግን ዛሬም አልሠራነውም። ማሞቴ እንጨርሰው ስትል እምቢ ያልኩት እኔ ነኝ። መርዶው ሐሰት ሆኖ ልጁ በበሩ ገብቶ፣ እማዬ ራበኝ የሚልበት ነው። ማን ገብቶ ይበለኝ?