ሉካ የወደቀበት ሳምንት

እሑድ

አልለቀቅኩትም። ሌላው ሁሉ ቢረሳ ይሄ ይጻፍልኝ። ሉካን አልለቀቅኩትም።

የሆነው እንዲህ ነው። ሉካ እዚህ ሮም የአሜሪካ ፉትቦል የሚጫወተው ቡድናችን ኳስ ወርዋሪና ካፒቴን ነው። የኔ ሥራ ደግሞ መስመሩ ጫፍ ቆሜ እሱን ሊጥል የሚመጣውን ሰው መያዝ ነው። አሰልጣኙ እጁን አናቱ ላይ ካደረገ ግን ሥራዬ ይለወጣል፤ ሰውየውን ትቼ ሮጬ እወጣለሁ፣ ሉካ ቶሎ ብሎ ከሁሉም ጭንቅላት በላይ ኳሱን ይወረውርልኛል። ቁመቴን የሚፈልጉት ለዚያ ነው። ዛሬ አሰልጣኙ እጁን አናቱ ላይ አደረገ። አየሁት። ሮጥኩ። እጄን አንስቼ ዞር ስል ኳስ የለም። ሉካ መሬት ላይ ነው፣ የተጋጣሚያችን ሰውዬ ከላዩ እየተነሳ ነው።

የትከሻው አጥንት ተሰብሯል። አምቡላንስ ውስጥ ሲያስገቡት በደህናው እጁ ወደ እኔ ጠቆመና «ላ ፋቶ አፖስታ» አለ። አውቆ ነው ያደረገው ማለቱ ነው። ሁሉም ሰማ። ሁሉም ለማመን ቸኮለ።

የቸኮሉበት ምክንያት አላቸው። ባለፈው ዓርብ ልምምድ ላይ ሉካ ከኋላዬ ኳስ ወርውሮ ጭንቅላቴን መታኝና «ይቅርታ፣ የመብራት ምሰሶ መስለኸኝ» አለ። ሳቁ። ማልያውን ጨምድጄ ግድግዳው ላይ አነሳሁት፣ እግሩ መሬት እስኪለቅ። ያኔ አልሳቁም።

አሰልጣኙን ዞሬ አየሁት። ምልክቱን የሰጠው እሱ ነው። ጫማውን እያየ ነበር።

ሰኞ

ስልኬ ላይ ከክለቡ መልእክት። ዓርብ ከልምምድ በኋላ ስብሰባ አለ። ርዕሱ እኔ ነኝ።

ከክለቡ ጋር ያለኝ ኮንትራቶ በዚህ ወር ያልቃል። ፔርሜሶዬ፣ የመኖሪያ ፈቃዴ፣ የሚታደሰው በኮንትራቶው ነው። አንዱ ሲወድቅ ሌላውን ይዞት ይወድቃል። ከዚያ ወደ ስደተኛ መጠለያው፣ ወደ ካምፖ፣ ልመለስ ነው? አራት ሆነን አንድ ክፍል ውስጥ፣ እግሬን ከአልጋው ውጪ ወንበር ላይ ሰቅዬ? አልመለስም።

እማማ ፅጌ ወሬውን ከየት እንደሰሙ አላውቅም። የቤት አከራዬ ናቸው፤ አስመራ ተወልደው አማርኛ ትምህርት ቤት የተማሩ፣ ሮም ያረጁ። ቤታቸው ከገባሁ ጀምሮ ሲቆጡኝ ነው። የኩሽናውን መብራት በጭንቅላቴ ሰብሬባቸዋለሁ።

«ሰው ሰበርክ አሉ» አሉኝ ዛሬ፣ ቀና ብለው ሳያዩኝ።

«አልሰበርኩም እማማ።»

«ይሄ ሥራህ ከቀረ ክፍሉን ለሌላ ሰው ነው የምሰጠው። አሁኑኑ ልንገርህ፣ ኋላ ቅር እንዳይልህ።»

«ቫ ቤኔ፣ እሺ» አልኳቸው።

ዛሬ የጠላኋቸው፦ ሉካ። አሰልጣኙ። እማማ ፅጌ። ሜትሮ ውስጥ ሳያስፈቅድ ፎቶ ያነሳኝ ሰውዬ። የራሴ ጉልበት፣ ደረጃ ስወርድ የሚጮኸው።

ማክሰኞ

ልምምድ። መልበሻ ክፍል ስገባ ወሬው ቆመ። ቦርሳዬ ሻወር ውስጥ ነበር፣ ውኃ ጠጥቶ ከብዶ። ማን አደረገው ብዬ አልጠየቅኩም። ጨምቄ፣ እርጥቡን ማልያ ለብሼ ወጣሁ። ከኔ ጋር ተጋፍቶ የሚለማመድ ሰው ሲፈለግ ሁሉም ውኃ ጠማው። ብቻዬን የመጋፋት መለማመጃ ከሆነው የብረት ጋሪ ጋር ተጋፋሁ። ጋሪው ቢያንስ አይሰድብም።

እነዚህ ሰዎች «ግራታቼሎ» ይሉኛል፤ ሰማይ ጠቀስ ፎቅ ማለት ነው። ስሜ ኦሞድ ነው። ለማለት የሚከብድ ስም አይደለም።

ሲያልቅ አሰልጣኙን መኪናው ጋ ጠበቅኩት።

«ምልክቱን ሰጥተኸኛል» አልኩት።

«አሎራ፣ እንግዲህ ጨዋታው ፈጣን ነበር…»

«እጅህን አናትህ ላይ አድርገሃል።»

«ፀሐይ ነበር። ፊቴን እየጋረድኩ ይሆናል። አላስታውስም፣ ግራታቼሎ፣ እውነት አላስታውስም።»

ፀሐይ አልነበረም። ቀኑን ሙሉ ደመና ነበር። የገባኝ ነገር አለ፤ ሉካን ያለ ጠባቂ ያስቀረው የሱ ውሳኔ መሆኑ ከታወቀ ጣት የሚቀሰረው ወደሱ ነው። ስለዚህ ወደኔ ይቀሰር። ይሄን ሁሉ እያሰብኩ የመኪናውን በር እንደያዝኩ ቆምኩ። ፈራኝ። ፍርሃቱን ሳይ ትንሽ ደስ አለኝ። ከዚያ ለቀቅኩት፤ ሌላ ሰው ግድግዳ ላይ ብሰቅል የሚጠቅመው እሱን ነው።

ረቡዕ

ልምምድ የለም። በርበሬና ምስር ልገዛ ፒያሳ ቪቶሪዮ ገበያ ሄድኩ። ቅመም ሻጩ ጋ ሁለት የኛ አገር ሴቶች ከፊቴ ቆመዋል። አንዷ ለሌላዋ በአማርኛ፣ ድምፅዋን እንኳ ሳትቀንስ፣ «ይሄ ደግሞ ከየት የመጣ ዛፍ ነው?» አለቻት።

«ጋምቤላ ነው የበቀልኩት» አልኩ። «ባሮ ዳር። ተራሽ ደርሷል፣ ግዢ።»

ፊቷ ቀላ። «ውይ፣ ወንድሜ፣ የኛ ልጅ ነህ እንዴ? ሴኔጋል መስለኸኝ እኮ።»

«አሁን ወንድምሽ ሆንኩ?»

ጓደኛዋ ክንዷን ጎትታ ወሰደቻት። በርበሬውን ሳልገዛ ተመለስኩ። ሴትዮዋ ክፉ አልነበረችም፣ ይሄን አውቃለሁ። ግን ሰልችቶኛል። ጣሊያኑ ጥቁር ነህ ይለኛል፣ የኔው አገር ሰው ሴኔጋል ነህ ይለኛል፣ ሁሉም በአንድ ድምፅ ረጅም ነህ ይለኛል። ቅርጫት ኳስ ትጫወታለህ? አልጫወትም። ታዲያ ምን ትጫወታለህ? ብነግራቸውም አያውቁትም። እዚህ ከተማ ውስጥ ይሄን ጨዋታ የሚያውቁት የተጫዋቾቹ እናቶች ብቻ ናቸው።

ቤት ስደርስ ክፍሌ ውስጥ ገብቼ ግድግዳውን በቡጢ መታሁ። እማማ ፅጌ ሳያንኳኩ በሩን ከፈቱት።

«ግድግዳዬ ምን አደረገህ?»

«ይቅርታ እማማ።»

«ያ ልጅ የት ነው ያለው? የተሰበረው።»

«ኦስቲያ። ቤቱ ነው።»

«ታዲያ እሱን ሄደህ አናግረው። እኔ ቤት ውስጥ የሚመታ ሰው የለም።»

«አያምነኝም።»

«እኔም አላምንህም። እኔ ግን ያለሁት እዚህ ነው፣ ባላምንህ የሚቀርብህ ነገር የለም።» በሩን ዘግተው ሄዱ።

በጣም ተናደድኩባቸው። ልክ ስለሆኑ ነው።

ሐሙስ

ከባሕሩ አጠገብ ያለችው ኦስቲያ ሄድኩ። ባቡሩ ውስጥ የምናገረውን ሳዘጋጅ ነበር። ጨዋ ንግግር ነበር፣ እንዴት ነህ፣ ተሻለህ ወይ፣ እግዚአብሔር ይማርህ፣ እንዲህ ያለ።

በሩን ሉካ ራሱ ከፈተው። ክንዱ በጨርቅ አንገቱ ላይ ተንጠልጥሏል፣ ፂሙን አልተላጨም። እኔ መሆኔን ሲያይ ሊዘጋው ገፋው። እግሬን መሃል ላይ አስገባሁ። ትልቅ እግር ጥቅም አለው።

«ይቅርታ ልትጠይቅ ከሆነ አልፈልግም» አለኝ።

«አልጠይቅህም።»

«ታዲያ ምን ፈለግክ?»

ያዘጋጀሁት ሁሉ ጠፋኝ። የወጣው ይሄ ነው። «ስትወድቅ ደስ ብሎኛል» አልኩት። «ዞር ብዬ መሬት ላይ ሳይህ በልቤ እሰይ ብያለሁ። አምቡላንሱ መጥቶ ሲወስድህም እሰይ እንዳልኩ ነበር። አልወድህም። ግን አልለቀቅኩህም። ልጎዳህ ብፈልግ እዚያው ቆሜ ስትመታ አይህ ነበር። እጄን አንስቼ ኳስ ልቀበል ምን አስሮጠኝ?»

ይሰድበኛል ብዬ ጠበቅኩ። በሩን መግፋቱን ተወ።

«እስካሁን የመጣው ሁሉ ሲያለቅስልኝ ነው የዋለው» አለ። ከዚያ ጨርቁን አንገቱ ላይ እያስተካከለ፣ «እጅህ ወደ ላይ ነበር። ከመመታቴ በፊት ያየሁት የመጨረሻው ነገር የአንተ እጅ ነው። ምን አባቱ እዚያ ይሠራል ብዬ ነበር።»

«አሰልጣኙ ምልክት ሰጥቷል።»

«አላየሁም።»

«ሁልጊዜ ታያለህ። ዛሬ ምን ሆነህ ነው ያላየኸው? እሑድ ማለቴ ነው።»

ወደ ደረጃው እያየ ነበር የመለሰልኝ። «አንተን እያየሁ ነበር። ከኋላህ ቆሜ ማጅራትህን እያየሁ ስሰድብህ ነበር፣ ግድግዳ ላይ ስለሰቀልከኝ። አሰልጣኙ ወደ ቆመበት ዳር ማየቱን ረሳሁት።»

ከታች የሆነ ሰው ውሻ ይጠራል።

«አሁን እግርህን አውጣ» አለኝ። አወጣሁ። በሩን ዘጋ። ነገ ይመጣል ወይ ብዬ አልጠየቅኩም፣ እሱም አላለም።

ስመለስ ባሕሩ ዳር ትንሽ ቆምኩ። ብርድ ነበር፣ ሰው የለም። አንድ ሰው አጥንቱ የተሰበረው ሌላ ሰውን በመጥላት ተጠምዶ ነው። የተጠላው ሰው ደግሞ ደስ ብሎታል። እኔ ነኝ ይሄ ሰውዬ። ለእናቴ ጋምቤላ ብደውልላት ምን እላታለሁ? አልደወልኩም።

ዓርብ

ስብሰባው መልበሻ ክፍሉ ውስጥ ነበር። የክለቡ ፕሬዚደንት፣ አሰልጣኙ፣ ተጫዋቾቹ ሁሉ። እኔ በሩ አጠገብ ቆምኩ፣ ወንበር የሰጠኝ የለም። ሉካ አልነበረም።

አሰልጣኙ ተናገረ። በጣም ጥሩ አድርጎ ተናገረ። ማንንም አልወቅስም አለ። ግን እርስ በርሱ የማይተማመን ቡድን ቡድን አይደለም፣ ለሁሉም ሰላም ሲባል የኦሞድ ኮንትራቶ ባይታደስ ይሻላል አለ። በስሜ ሲጠራኝ የመጀመሪያው ነው።

ፕሬዚደንቱ «የምትለው አለ?» አለኝ።

«ምልክት አይቼ ሮጥኩ» አልኩ። አንዱ ከኋላ በአፍንጫው ሳቀ።

በሩ ጀርባዬን መታኝ። ሉካ ነው። «ዞር በል፣ መንገዱን ሁሉ ዘግተኸዋል» አለኝና በጎኔ አልፎ ገባ። ሰላምታ ሲያቀርቡለት አልመለሰም። አሰልጣኙ ፊት ቆመ።

«እሑድ ምልክት ሰጥተህ ነበር?»

«ሉካ፣ ልጄ፣ ባለህበት ሁኔታ…»

«ሰጥተሃል ወይስ አልሰጠህም?»

አሰልጣኙ ፕሬዚደንቱን አየ። ከዚያ ሉካን አየ። ክፍሉ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ እሱን እያየ ነበር። «ሰጥቻለሁ» አለ፣ በጭንቅ በሚሰማ ድምፅ።

«እሱ አየ። እኔ አላየሁም» አለ ሉካ። ከዚያ ወደ እኔ ሳይዞር፣ «አልወደውም። የሚወደው ካለ እጁን ያውጣ። ግን ይሄን አላደረገም።»

እጁን ያወጣ አልነበረም። አንዱ ብቻ፣ ከመስመሩ መሃል የሚጫወተው ዳኒዬሌ፣ ተነስቶ ወንበሩን በእግሩ ወደ እኔ ገፋልኝ። ተቀመጥኩ።

ቅዳሜ

ፈረምኩ። ለአንድ ዓመት። ከእነዚህ ሰዎች ጋር አንድ ዓመት።

ቦርሳዬን ሻወር ውስጥ የከተተው ሰው እስካሁን አልተናገረም። አሰልጣኙ ሊጨብጠኝ እጁን ዘረጋ፤ በሁለት እጄ የራስ ቁሬን እንደያዝኩ ቀረሁ። እጁ እዚያው ትንሽ ቆየና ኪሱ ገባ። ይቅር የምልበት ቀን ይመጣ ይሆናል። ዛሬ አይደለም።

ለእማማ ፅጌ መታደሱን ነገርኳቸው። «እንግዲያው የመብራቱን አምፖል ትገዛለህ» አሉኝ። እራት ግን አስቀምጠውልኝ ነበር፣ በክዳን ተሸፍኖ።

እሑድ

ተሸነፍን። ሉካን የተካው ሰውዬ ውርወራው አያምርም፣ ግን ቀኑን ሙሉ ማንም አልጣለውም። በኔ በኩል የመጣው ሁሉ ተመልሶ ሄዷል። አንዱ ሲነሳ በዘሬ ሰደበኝ። በሚቀጥለው ዙር ሲነሳ አልተሳደበም።

ሉካ ተመልካች መቀመጫው ላይ ነበር። ሲያልቅ ሁሉም ገላቸውን ታጥበው ወጡ፤ እኔ ጉልበቴ ላይ በረዶ አድርጌ ቆየሁ። ስወጣ ሉካ አግዳሚው ላይ ብቻውን ቁጭ ብሏል። የጫማው ክር ተፈቷል። በአንድ እጁ ሊያስር ይሞክራል፣ ይወድቅበታል፣ ደግሞ ይሞክራል። አየኝ። ፊቱን አዞረ። መለመን አይፈልግም፣ አውቄዋለሁ፤ እኔም ብሆን አልለምንም።

አልፌው ልሄድ ነበር። በሩ ጋ ደርሼ ነበር።

ተመለስኩና ተንበረከክኩ። ስንበረከክ እንኳ ፊት ለፊት ነው የምንተያየው። ክሩን ይዤ ጠበቅ አድርጌ አሰርኩት፣ ከዚያ ደግሜ ሳብኩት።

«ኧረ በጣም አጠበቅከው» አለኝ።

«አውቄ ነው» አልኩት።

ከአፉ የሆነ ድምፅ ወጣ። ሳቅ ይሁን ትከሻው አሞት ይሁን አልገባኝም። አልጠየቅኩትም። እሱም ክሩን አልፈታውም።