የዶክተር ፕሪዊት ገጽ አሥራ አራት

ማርስዴል፣ ኦሃዮ
ሜይ 23 ቀን 1977

የምወድህ ልጄ ረስል፣

እንደምን ሰነበትህ? የካናዳው ብርድ አሁንስ ለቀቀህ? እኔ ከጉልበቴ በቀር ደህና ነኝ፤ እንዲያውም ከሰባት ዓመት ወዲህ እንደ ሰሞኑ ደህና ሆኜ አላውቅም። ደብዳቤ ከላክህልኝ አራት ዓመት ሞላው፤ ይህን የምጽፈው ግን ልወቅስህ አይደለም። ወሬውን ከጋዜጣ ከምታነበው ከእናትህ ብትሰማው ይሻላል ብዬ ነው።

አልደን ፕሪዊትን ጣልኩት።

ቁጭ ብለህ አንብብ። ወደዚህ ዩኒቨርሲቲ የታሪክ መምህር ሆኖ ሲመጣ አንተ የሁለት ዓመት ልጅ ነበርክ። ክርኑ የሳሳ አንድ ኮት ነበረው። ሲበርደው አባትህ ወደሚሠራበት የቦይለር ክፍል ወርዶ ይሞቅ ነበር፤ አባትህም አዘነለትና እሁድ እሁድ ለምሳ ያመጣው ጀመር። "አንተ አልደን፣ ድንች ጨምር እንጂ!" እለው ነበር። የዶክትሬት ጽሑፉን ወጥ ቤቴ ውስጥ የተየብኩለት እኔ ነኝ። ዲን ሲሆን ጸሐፊው አደረገኝ፤ በ1964 ፕሬዚዳንት ሲሆንም ይዞኝ ወጣ። "አንተ" ቀርቶ "እርስዎ" ሆነ። አልከፋኝም። ሐቁን ልንገርህ፣ ኮራሁበት። የጽዳት ሠራተኞችን ልጆች ሳይቀር በስም የሚጠራ ሰው ነበር።

የ1970ውን ነገር አንተ ከውስጥ ሆነህ አየኸው፤ እኔ ከውጭ። አሥራ አንድ ሆናችሁ ጦርነቱን ተቃውማችሁ የአስተዳደሩን ሕንፃ በያዛችሁ በሦስተኛው ቀን ፕሪዊት "ወይዘሮ ቨርና፣ ይጻፉ" አለኝ። "እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ከወጣችሁ ማንም አይቀጣም። ቃሌን ሰጥቻለሁ።" ፈርሞ በመስኮት ሰጣችሁ፤ አምናችሁ ወጣችሁ። በሩ ላይ ረዳቱ "ለመዝገብ ቤት ነው" ብሎ ወረቀቱን ተቀበላችሁ፤ ከዚያ ወዲያ ዓይኑን ያየው የለም።

በወሩ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ሲቀመጥ ቃለ ጉባኤ የያዝኩት እኔ ነበርኩ። አንተ ተነስተህ "በጽሑፍ ቃል ገብተውልናል" ስትል፣ እሱ መነጽሩን አወለቀና "እንዲህ ያለ ወረቀት አልጻፍኩም" አለ። እኔም ያለውን ቃል በቃል ጻፍኩት። ዞረህ አየኸኝ። እኔ ደብተሬ ላይ አቀረቀርኩ።

አሥራ አንዳችሁንም አባረረ። ተማሪነቱ ሲቀር፣ ተማሪን የማይነካው የውትድርና ጥሪ መጣ። አንተ ድንበር ተሻገርክ፤ ሊዮን ባስኮም ዘመተና በሳጥን ተመለሰ። በ1973 አባትህን ስንቀብር ሁለት የመንግሥት ሰዎች አንተን ሊይዙ መኪና ውስጥ ተቀምጠው ይጠብቁ ነበር። ፕሪዊት መቃብሩ አጠገብ እጄን ያዘና "ረስል ቢኖር ጥሩ ነበር" አለኝ።

የማልኩት ያን ቀን ነው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም።

ከዚያ በኋላ ፈገግ እያልኩ አገለገልኩት። ስሙ ገነነ፤ አዲስ ቤተ መጻሕፍት አሠራ፤ "ሁከትን በትዕግሥት ያበረደ ሰው" እየተባለ በየክፍለ ግዛቱ እየዞረ ንግግር ያደርግ ጀመር። ንግግሩን ሁሉ የምተይበው እኔ። አንዲት ፊደል አላሳሳትኩበትም።

ዘንድሮ የክፍለ ግዛቱን ዩኒቨርሲቲዎች በሙሉ እንዲመራ ታጨ። የስንብት ምሳ ተደገሰለት፤ ለእንግዶቹም የሥራ ዘመኑን የሚተርክ መጽሔት ይታተም ተባለ።

"ታሪኬን ከእርስዎ በላይ የሚያውቅ የለም፤ እርስዎ ያዘጋጁት" አለኝ።

"ከመታተሙ በፊት አያዩትም?"

"እርስዎ ካዩት እኔ አየሁት ማለት ነው።"

አዘጋጀሁለት። እንዴት ያለ መጽሔት መሰለህ! ወፍራም ወረቀት፣ የሚያምር ሽፋን፣ ፎቶግራፍ በየገጹ። ገጽ አሥራ አራት ላይ ያ ቃል የገባበት ደብዳቤ አለ። የካርቦን ቅጂው እኔ ዘንድ ነበር፤ ቢሮ በሚቀር ቅጂ ሁሉ ላይ በሰማያዊ ቀለም መፈረም ልማዱ ነው። ትይዩ፣ ገጽ አሥራ አምስት ላይ፣ ቃለ ጉባኤው። ከሥሩ የአሥራ አንዳችሁ ስም። ከራሴ አንድ ቃል አልጨመርኩም።

የሊዮንን እናት፣ አይሪን ባስኮምን፣ እኔው ጠርቼ ከፊት ጠረጴዛ አስቀመጥኳት። ዶሮው ቀረበ። እኔ ወጥ ቤቱ በር ላይ ቆሜያለሁ። መጽሔቱ ይገለጥ ጀመር፤ አንዱ ጠረጴዛ ጸጥ አለ፣ ከዚያ ሌላው፣ በመጨረሻ የሹካ ድምፅ እንኳ ጠፋ። የቦርዱ ሰብሳቢ ክሌቦርን ስታይትስ፣ ያ ትራክተር ሻጩ፣ ድምፁን ታውቀዋለህ፦

"አልደን፣ ይቺ ፊርማ ያንተ አይደለችም እንዴ?"

"የቷ ፊርማ?" አለ እያላመጠ።

"ገጽ አሥራ አራት ላይ ያለችው። አጠገቧ ያለውንም አንብብልን እስቲ። ጮክ በል፣ ሁላችንም እንስማ።"

"ክሌቦርን፣ ይህ እዚህ የሚነሳ ጉዳይ አይደለም።"

አይሪን ተነሳች። "ልጄ ውሸታም ተብሎ ነው የሞተው" አለች። "እርስዎ ነዎት ወይስ እሱ ነው ውሸታሙ? አንዱን ይበሉኝና ወደ ቤቴ ልሂድ።"

ፕሪዊት መጽሔቱን ከደነው። ፊቱ እንደ ጠረጴዛው ልብስ ነጣ። ደስ አለኝ፣ ረስል። ኃጢአት ነው ብትለኝ በል፤ አጥንቴ ድረስ ደስ አለኝ።

ኮሪደር ላይ ደረሰብኝ። "ቨርና! ቤትሽ የበላሁ ሰው አይደለሁም?"

"በልተሃል፣ አልደን። አልጠገብክም እንጂ።"

እንደሚጮህብኝ ጠብቄ ነበር። እሱ ግን ድምፁን ዝቅ አደረገ። "ወረቀቱ እጅሽ ከነበረ፣ ያን ቀን እኔ ስክድ ለምን አላወጣሽውም? አንቺም እኮ እዚያው ነበርሽ።"

"ባሌ ታሞ ነበር። ደሞዜ ቢቀር ማን ያሳክመዋል?" አልኩት።

አንገቱን ነቅንቆ ሄደ።

ባለፈው ማክሰኞ ሥራውን ለቀቀ፤ ሹመቱም ቀረ። ቦርዱ የአሥራ አንዳችሁን ቅጣት ሰርዟል፤ የቀረችህን ትምህርት መጥተህ መጨረስ እንደምትችል የሚገልጽ ደብዳቤ ይደርስሃል። እኔ የቢሮውን ቁልፍ አስረክቤ ወጣሁ፤ ውጪ እስኪሉኝ አልጠበቅኩም።

እንግዲህ ለፕሪዊት የመለስኩለትን መልስ ለአንተ ልደግመው አልችልም። አባትህ ያን ጊዜ ደህና ነበር፤ ሳል የጀመረው እናንተ በተባረራችሁ በዓመቱ ነው። አንተን ባባረሩህ ሰሞን የእንጨት አጥራችንን ብቻውን ይሠራ እንደነበር ታስታውሳለህ።

ዋሽንግተን ከውትድርና ለሸሻችሁት ምሕረት ካወጀች አራት ወር አልፎታል። ከመጣህ፣ ከመሳምህ በፊት፣ እዚያው ደጃፍ ላይ ቆመህ እሱ የጠየቀኝን ጠይቀኝ። ለሰው ስጽፍ ነው የኖርኩት፤ ለዚህች መልስ ግን ይኸው ስንት ቀኔ፣ አንድ መስመር እንኳ አልወጣልኝም።

በምትሄድበት ሁሉ ጌታ ቀድሞህ ይሂድ። ቃሉን ከሚበላ አለቃ ይሰውርህ፤ ከምትፈራ እናትም ይሰውርህ።

እናትህ
ቨርና ሆችኪስ