ሽማግሌ የገባበት ፈተና

ለውድ አባቴ ለአቶ ገብረወልድ፣
ሻሸመኔ

አባባ፣ እንዴት ከረሙልኝ? ያ ወገብዎ የዘንድሮን ብርድ እንዴት ቻለው? እናቴስ፣ ሳሉ ለቀቃት ወይስ «ምንም አልሆንኩ» እያለች ትደብቅዎታለች? እኔ አጎቴ ቤት፣ አምላክ ይመስገን፣ ሐሳብ ካልሆነ በቀር የሚያመኝ የለም።

ዩኒቨርሲቲው ፈተናዬን እንደገና እንዲያርምልኝ ካመለከትኩ ይኸው አምስት ወር ሆነኝ። መልሴን የጨረስኩበት ተጨማሪ ወረቀት ሳይታረም ቀርቶ ነው ወድቀሻል ተብዬ የተባረርኩት። በሄድኩ ቁጥር «ይታያል» ይሉኛል። ጓደኞቼ ክፍል ገብተዋል፤ እኔ ከናዝሬት አዲስ አበባ በአውቶቡስ እመላለሳለሁ። የየካቲት ምዝገባ መልስ ሳላገኝ ካለፈ ቦታዬ ይሰረዛል፤ ትምህርቴ አበቃ ማለት ነው።

ባለፈው ሳምንት ፍርድ ቤት ደጅ አቤቱታ የሚጽፉትን አቶ ኢተፋን አማከርኩ። «አካም ጅርታ፣ ልጄ» ብለው በኦሮምኛ ደህንነቴን ጠይቀው አስቀመጡኝና ረጋ ብለው አስረዱኝ። ፍርድ ቤት ፈተና አያርምም፤ ግን ማመልከቻ ተቀብሎ ዝም ያለን ቢሮ «በዚህ ቀን መልስ ስጥ» ብሎ ማዘዝ ይችላል አሉኝ። አስቀድሞ እስከ በላይ አለቃ አቤት ማለት ያስፈልጋል፤ እሱን አድርጌዋለሁ። ደስ ብሎኝ ልነሳ ስል ቢሮው የሰጠኝን፣ እኔ ልብ ያላልኩትን ማስታወሻ አንብበው ፊታቸው ጠቆረ። «ተማሪዋ ጥፋቷን አምና በሽማግሌ ይቅርታ ስለጠየቀች ጉዳዩ ይቆይ» ይላል። ለካ ያዘገየኝ እሱ ኖሯል!

አባባ፣ አይቆጡኝ። መስከረም ላይ ሽማግሌ ይዘው ፈተናዬን ያረሙት መምህር ቤት የሄዱት ለእኔ ብለው ነው። እኛ ዘንድ ሽማግሌ «ልጃችን አጥፍታለች፣ ይማሯት» የሚለው የተቆጣ ሰው እንዲበርድ ነው፤ ጥፋት ባይኖርም ይባላል። መምህሩም አክብረው ተቀብለው ሸኟችሁ። ቢሮው ግን ንግግራችሁን ከእሳቸው ሰምቶ የእምነት ቃል አድርጎ ከፋይሌ ጋር አሰረው። ወይ ጉድ! እኔ ምን አጠፋሁ?

አቶ ኢተፋ ይህን የሚያፈርስልኝ የተናገረው ሰው ራሱ ቀርቦ ሲያስረዳ ነው ብለውኛል። ብዙ አወጣሁ አወረድኩ። ይቅርታ የለመነ ሽማግሌ ተመልሶ «ልጄ አላጠፋችም» ሲል አገሩ ምን ይላል? «ከአፍ ከወጣ አፋፍ» እያሉ ያሳደጉን እርስዎ ነዎት፤ ነገሩ ለእርስዎ ሞት እንደሆነ አውቃለሁ። ዝም ብል ደግሞ በገዛ አባቴ አፍ ጥፋተኛ ሆኜ ልቀር ነው። ይህን አልቻልኩትም። ትናንት አዲስ አበባ ሄጄ ክሱን አስገባሁ። ቀጠሮው ታኅሣሥ ሃያ ስለሆነ የይለፍ ወረቀት ከቀበሌ በጊዜ ያውጡ። «ምስክር» ከሚለው ሥር፣ ሳላስፈቅድዎ፣ የእርስዎን ስም ጽፌያለሁ።

ወንድሜ ሐዲስን ግንባሩን ይሳሙልኝ። ጎረቤታችንን እትዬ እልፍነሽን እንዴት ነሽ ይበሉልኝ። የእናቴን ጉልበት ይሳሙልኝ፤ እርስዎን የማግባባቱን ነገር ለእሷ ትቻለሁ።

ልጅዎ ዘመናይ ገብረወልድ
ናዝሬት፣ ኅዳር 21 ቀን 1975 ዓ.ም.