የዘይነባ ድብቅ

መስከረም 15፣ ጠዋት

ዳቦ ቤት ሰልፍ ላይ ነኝ። ከፊቴ ሁለት ሴቶች ያወራሉ። የእትዬ ለይላ ልጅ ዘይነባ ዓረብ አገር እንዳትመለስ የሚያደርግ መድኃኒት አግኝታለች፣ በሊጥ እየጠቀለለች ነው የምታዘጋጀው አሉ። እኔም ጨጓራዬ አስቸግሮኛል፤ በሊጥ የሚዋጥ መድኃኒት ደግሞ አልሞከርኩም። ዳቦዬን ይዤ ቀጥታ ጎረቤቴ እትዬ ለይላ ቤት።

መድኃኒት የለም። ጎመን አለ። ዘይነባ (ከዚህ ወዲያ ዘ.) ዱባይ የሠራችበት ቤት ባልየው ኮሪያዊ፣ ሚስትየዋ ፖላንዳዊት ናቸው። ሁለቱም አገር ሊጥ ዳምጦ፣ ሞልቶ፣ አጥፎ ይቀቅላል። የባልየው እናት ሲመጡ የኮሪያው ይሠራል፣ የሚስትየዋ እናት ሲመጡ የፖላንዱ። አንድ ጊዜ ሁለቱ አማቶች አብረው መጡ። ዘ. የፖላንዱን ድንችና አይብ ከኮሪያው ከኮመጠጠው ጎመን ጋር ደባልቃ በአንድ ሊጥ ዘጋችበት። ቤቱ ሰላም ዋለ። ለዚህ ሥራ ስንት አምባሳደር ደመወዝ ይበላል፣ ደብተሬ።

ነገሩ ግን ይኼ ነው። ደሴ ያለው ደላላ አዲስ ቪዛ ይዞ መልስ ይጠብቃል፣ እስከ ጥቅምት መባቻ። ዘ. ምግቡ ከተወደደልኝ መናኸሪያው በር ላይ ጠረጴዛ ዘርግቼ እቀራለሁ፣ የውጫሌው አውቶቡስ ተሳፋሪ ብቻ ይበቃኛል ትላለች። ካልተወደደ ትሄዳለች። እትዬ ለይላ ግን ልጅቷ እስከ ጓሮ ስትሄድ እንኳ በዓይናቸው ይሸኟታል።

መስከረም 18

የመስቀል ሥጋ ተርፎናል። ባለቤቴ አስካለ ድብቁን በሥጋ እንሞክረው አለች። (ሰፈሩ “ድብቅ” ብሎታል፤ ሆዱ ውስጥ ያለው ስለማይታይ።) የኛና የነእትዬ ለይላ ሥጋ በአንድ ትሪ? እዚህ አገር ሠርጉም ሐዘኑም የጋራ ነው፤ ቢላው ግን ለየብቻ። ዘ. መላ አላጣችም። የክርስቲያኑ ሥጋ በፖላንድ እጥፋት፣ ጠርዙ በሹካ ይጫናል። የሙስሊሙ በኮሪያ እጥፋት፣ በጣት ይሸበሸባል። ሁለት መክተፊያ፣ ሁለት ቢላ፣ ሁለት ሳህን። እኔ ሹካው ላይ ተመደብኩ። ጠመኔ የለመደ የጡረተኛ መምህር እጅ ያን ያህል አላሳፈረኝም።

ከዚያ ሁሉንም በአንድ ድስት ቀቀልነው።

ማናችንም አላሰብነውም። እትዬ ለይላ ክዳኑን ከፍተው፣ “ውሃውንስ በየትኛው እጥፋት አጠፋችሁት?” እስኪሉ ድረስ። እጥፋቱ እንዳማረ ነው፤ ሃይማኖቱ ግን ጠፍቷል። ውሻችን ጠርጋ በላችው። የማን ወገን እንደሆነች እስካሁን አልገለጸችም።

ዘ. ሳቀች፣ ሳቀች፣ ከዚያ አለቀሰች። ከዚያ ስልኳን አውጥታ የደላላውን ቁጥር አየች። አየኋት።

መስከረም 19፣ ረቡዕ

በር ይንኳኳል። ዘ. ናት። “ጋሼ፣ ዛሬ ጾማችሁ አይደል? ወላሂ ጥፋቱ የኔ ነው፤ ሥጋ ውስጥ ምን አገባኝ?”

ድንች፣ የኮመጠጠ ጎመን፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል፣ በርበሬ። አይቡን ለኛ ስትል ተወችው፤ ፖላንድ ይቅር ይበለን። ቀቅላ በዘይት ጠበሰችው። አንድ ድስት፣ አንድ ትሪ። እትዬ ለይላ ቢስሚላህ አሉ፣ አስካለ አማተበች፣ እጃቸው ትሪው ላይ ተጋጨ። በጦርነቱ ከቆቦ ተፈናቅለው ት/ቤቱ ውስጥ ላረፉ አንድ ሽማግሌ በሳህን ላክንላቸው። ባዶውን ሳህን ራሳቸው ይዘው መጡ። ድንች እንዲህ ሲከበር አይቼ አላውቅም ብለው ለዘ. ዱዓ አደረጉላት። ቤት የሌለው ሰው የሰው ቤት መርቆ ሄደ።

አመሰግናለሁ ማለት ይከብደኛል፤ ታውቃለህ ደብተሬ። ዛሬ አመሰገንኩ። ለጎመን።

መስከረም 26

መናኸሪያው በር ላይ ነን፣ በትሪ ብቻ፣ ለሙከራ። የውጫሌው አውቶቡስ ይቆማል። ረዳቱ ያላግጣል፦ “ይቺ ደሞ ምንድን ናት፣ ያበጠች ሳንቡሳ?”

“ሳንቡሳ ነበረች። ውጭ ደርሳ መጥታ ነው የተመቻት” ዘ. ትለዋለች።

አንድ በላ፣ ደገመ። ለሾፌሩም ወሰደ። ትሪው አለቀ።

ከሰሜን፣ ከውጫሌ ወዲያ፣ የሚመጣው የጦርነት ወሬ ደግ አይደለም። አውቶቡሱ ጣሪያ ላይ ከሻንጣው ፍራሹ በዝቷል። ሰው ግን ይርበዋል።

ጥቅምት 1

ዘ. ደላላው ጋ ደወለች። አልሄድም አለችው። ሰውየው ቪዛው ለሌላ ይሰጣል፣ ኋላ እንዳታለቅሺ አላት። ይሰጥ አለች። እትዬ ለይላ አልሐምዱሊላህ ብለው ተቀመጡ፤ ትንሽ ቆይተው ተነሥተው ጎመን መክተፍ ያዙ። እኔም ሹካዬን። ለነገ እጥፍ ተሠራ። ጠረጴዛው የኔ ነው፤ መጻሕፍቱን መሬት አወረድኳቸው። ከዚህ ለተሻለ ጉዳይ ወርደው አያውቁም።

ጥቅምት 2፣ ረፋድ

መናኸሪያ በር። ጠረጴዛው ተዘርግቷል። ዘ. አዲስ ሻርፕ አድርጋለች። ድብቁ ትኩስ ነው፤ አስካለ ንጹሕ ፎጣ አልብሳዋለች።

የውጫሌው አውቶቡስ አልመጣም።