ለእትዬ ራሞና፣ ሰኞ ስለሚመጣው መኪና

እትዬ ራሞና፣

የፖሌንታ ገንፎው ድስቱ ውስጥ አለ፣ አሙቀው ይብሉ። ጋዙን አጥፍቻለሁ። ውሻውን ሰኞ ጠዋት ይሰሩት፣ ዕቃዎን የሚያወጡትን ሰዎች እንዳይነክስ።

አዎ፣ ሰኞ ይመጣሉ።

የቤቱን ክርክር ከተረቱ ቆይተዋል፤ እስካሁን ያላስወጡዎት በእኔ ምክንያት ነው። ያኔ የፍርድ ቤቱ ሰውዬ ቁልፍ ሠሪ ይዞ ሲመጣ፣ ትንሽ እንድመስል ሹሩባ ሠርተውኝ ወደ በሩ ገፉኝ። "ልጅ አለች እኮ ጌታዬ፣ የት ትውደቅ?" አሉት። ልጅ ያለበትን ቤት ዳኛዋ ሳታየው ማስለቀቅ አይችልምና ተመለሰ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከወለሉ ወደ አልጋ ወጣሁ፣ "ልጄ" መባልም መጣ። እርስዎ ይሙቱ፣ ደስ ብሎኝ ነበር።

ቅዳሜ ግን ለእህትዎ በአጥሩ በኩል ሲነግሯት ሰማሁ፦ "ይግባኙ እስኪታይ ነው የምችላት፤ ከዚያ ሻንጣዋን ይዛ ውልቅ ትላለች።"

እኔ ሻንጣ የለኝም፣ የእርስዎን ወስጃለሁ።

ትናንት ዳኛዋ ዘንድ ሄጄ "እዚያ ቤት አልኖርም፣ ሮሳሪዮ ከተማ አክስቴ ጋ ገብቻለሁ" አልኳት። ጻፈች። ቀጥላ "ቤቱ ውስጥ የታመመ ሰው አለ? ካለ አላስወጣም" አለችኝ። እግርዎ ትዝ አለኝ፤ ሲያቃስቱ የማሽልዎት እኔ ነኝ።

"የለም" አልኳት።

መድኃኒትዎን የእጅ ቦርሳዎ ውስጥ ከትቻለሁ፣ ከዕቃው ጋር እንዳይጫን።

ራስዎ ሄደው ሊነግሯት ይችላሉ፣ ቢሮዋ ዛሬ እስከ ቀትር ክፍት ነው። ደረጃው ግን ብዙ ነው። እስከ ዛሬ እኔ ነበርኩ የምወጣልዎት።

ማይሌን